የዘመድ ራጅ

የቅባቱ ሽታ ከሁሉም ቀድሞ ይቀበለኛል። ጫማዬን ሳላወልቅ አፍንጫዬ ውስጥ ገብቶ ይቀመጣል። ካምፎር፣ የነጭ ሽንኩርት ጭማቂ፣ ከዚያ ደግሞ ጋሼ ስሙን የማይነግረን የእንስሳ ስብ። ሶፋው ይሸታል፣ ፎጣው ይሸታል፣ ዳቦው ሳይቀር ይሸታል። ጋሼ ታላቅ ወንድሜ ነው፤ ሃያ ዓመት ሙሉ የእግር ኳስ ቡድን ወጌሻ ሆኖ ስለሠራ ታሽቶ የማይድን ነገር ያለ አይመስለውም። ለጥርስ ሕመም እንኳ ማጅራት ሊያሽ ነው የሚነሳው።

ባለፉት ወራት የሚያሸው የገዛ ልጁን ነበር። ፌንጣ እንላታለን። አሥራ አምስት ዓመቷ ነው፤ መረብ ኳስ ስትጫወት ስትዘል ያየ ሰው ስሟን ማን እንዳወጣላት አይጠይቅም። እናቷ ከሞተች ወዲህ ሦስታችን አብረን እንኖራለን። ቀኝ እግሯ ከጉልበቷ ከፍ ብሎ ያማት ጀመር። ጋሼ «ወለምታ ነው» አለና ራት በተበላ ቁጥር ፎጣ አንጥፎ ያሻት ያዘ። ስቡ በጣቶቹ መሃል ጭቅ ጭቅ ይላል፤ የሞተ ቆዳ ከቅባቱ ጋር እየተድቦለቦለ ይረግፋል። ልጅቷ ትራሷን ትነክሳለች።

«ጋሼ፣ ተዋት በቃ! ሐኪም ይያት።»

«ምጥ ለእናቷ ልጅ አስተማረች! አጥንት ማን እንደሚያውቅ አጣሽው? ይልቅ አንቺ ፎቶ አንሺ አይደለሽ፤ አንሺያትና ይለይልን።»

ፎቶ አንሺ የሚለኝ ራጅ አንሺ ስለሆንኩ ነው። በማግስቱ በምሳ ሰዓት ወደምሠራበት ሆስፒታል በጓሮ በር ይዟት መጣ።

እኛ ክፍል «የዘመድ ራጅ» የምንለው ነገር አለ። የሐኪም ወረቀት የለውም፣ መዝገብ ላይ አይሰፍርም። ትልልቁ ፊልም በፊርማ ስለሚወጣ ለዘመድ የምንጠቀመው ለእጅ የተሠራውን ትንሹን ነው። ጉልበት ይይዛል፤ ጭን አይይዝም።

«አክስቴ፣ የሚያመኝ እኮ ከፍ ብሎ ነው» አለችኝ ፌንጣ።

«ዝም ብለሽ ተኚ፣ እንዳትነቃነቂ» አልኳት።

ፊልሙን በመስኮት ብርሃን አየሁት። በሌላ እጄ ዳቦ ይዤ ነበር። መጋጠሚያው ንጹህ ነው። ላይኛው ጠርዝ ላይ ወተት የፈሰሰበት የሚመስል ንጣት ነበር፤ ፊልሙ ስላረጀ ነው ብዬ አለፍኩት። አንብቦ መናገር የሐኪም ሥራ ነው። እኔ ግን አፌን ሞልቼ «አጥንቷ ሰላም ነው» አልኩ። ጋሼም ቃሌን አምኖ ከዚያን ቀን ጀምሮ በሁለት እጁ ያሻት ጀመር።

ሕመሙ ከእንቅልፏ ይቀሰቅሳት ጀመር። ብታርፍም አይለቃትም። ታነክሳለች፤ ሱሪዋ ከወገቧ ይወርዳል። ጭኗ ላይ እብጠት ወጣ፤ ተወጥሮ ያብለጨልጫል፣ ይግላል፣ ደም ሥሩ ከላዩ ይጋደማል። እነዚህ ምልክቶች አንድ በአንድ የተጻፉበት ወረቀት እኛ ክፍል ግድግዳ ላይ ተለጥፏል፤ ካፖርቴን በየቀኑ የምሰቅለው ከጎኑ ነው። እኔ ቤት ገብቼ የማማርረው ግን ስለ ቅባቱ ሽታ ነበር። የራሷ እያረረባት የሰው ታማስላለች ማለት እኔ ነኝ።

ደረጃ መውጣት ሲያቅታት እኛው ሆስፒታል ወዳለችው አጥንት ሐኪም ወሰድናት። ሐኪሟ ጭኗን በሙሉ ራጅ አስነስታ ፊልሙን ብርሃኑ ላይ ሰቀለችው። ማንበብ የማይችልም ያየዋል፤ አጥንቱ ምስጥ የገባበት ጣውላ ሆኗል።

«ካንሰር ነው ብዬ እሰጋለሁ» አለች።

«ካንሰር የሽማግሌ በሽታ አይደለም እንዴ?» አለ ጋሼ።

«የአጥንቱ ብዙ ዓይነት ነው። ከለስላሳው አጥንት የሚነሳው አብዛኛውን ጊዜ ትልልቅ ሰው ነው የሚይዘው። ኢዊንግ የሚባለው የልጆች ነው፤ ዳሌ ላይም ጭን ላይም ይወጣል፣ አንዳንዴ ትኩሳት አለው። ይሄ ግን ኦስቲዮሳርኮማ ይመስለኛል። በማደግ ላይ ያለ ልጅ ይይዛል፣ ጉልበት አካባቢ ይወዳል። ናሙና ሳይወሰድ አልምልም። ከጀመራት ስንት ጊዜ ሆነ?»

«አራት ወር።»

«አራት ወር ሙሉ ምን ስታደርጉ ነበር?»

«እያሸኋት ነበር።»

«ይሄን? ይሄ እንኳን ሊታሽ ሊነካ አይገባም! ሳይቃጠል በቅጠል ሲባል አልሰሙም? ቀደም ብላ ራጅ ተነስታ ነበር?»

ጋሼ ዞሮ አየኝ። የጓሮ በር ራጅ ከሥራ እንደሚያስባርረኝ ያውቃል።

«አልተነሳችም» አለ። «ሐኪም አያስፈልጋትም ያልኩት እኔ ነኝ። ጥፋቱ የእኔ ነው።»

ሐኪሟ አፏ እንዳመጣላት ወረደችበት። ማንም ተናግሮት የማያውቀው ሰውዬ አንገቱን ደፍቶ ሰማ። እኔ ደግሞ ቀለል አለኝ። አዎ፣ ደስ አለኝ! ዛሬ ሳስታውሰው ራሴ ላይ መትፋት ያምረኛል። ፌንጣ ዓይኗን ከእኔ አልነቀለችም።

«ተነስታለች» አልኩ በስንት ጊዜ። «በትንሽ ፊልም፣ ያለ ወረቀት። ያነሳኋት እኔ ነኝ። ጠርዙ ላይ ንጣት ነበረ፤ አይቼ አለፍኩት።»

«መቼ?»

«ሦስት ወር ሆነው።»

ሐኪሟ ብትሰድበኝ በወደድኩ። ብዕሯን አንስታ ጻፈች። «የደረት ራጅ አሁኑኑ ትነሳ። ሳንባዋ ላይ መድረሱን ልወቅ። ናሙናው ነገ ይወሰዳል።»

«እግሯስ?» አለ ጋሼ።

«መጀመሪያ ደረቷን ልየው።»

በዚህኛው ጊዜ ራጅ ክፍል በፊት ለፊት በር ገባን፤ ወረቀት አለ፣ መዝገቡም ተሞላ። ተረኛዋ እኔ ነበርኩ። ፌንጣን ሰሌዳው ፊት አቁሜ ትከሻዋን ላስተካክል እጄን ስዘረጋ ሸሸችኝ።

«አክስቴ፣ አንቺ ውጪ» አለችኝ። «ያየውን የሚናገር ሰው ይግባልኝ።»