የጸሐፊዋ ስም

ሰፈሩ "ሊቁ" የሚለው ሽማግሌ ስልኩን ጆሮው ላይ ለጥፎ ሲጮህ፣ ባለቤቱ ጓዳ ሆና ትሰማዋለች።

"የጸሐፊዋን ስም ነገርኩሽ እንጂ የደራሲውን መቼ ነገርኩሽ? ኧረ በሕግ አምላክ!"

እጇን በጨርቅ እያደራረቀች ብቅ አለች። ማተሚያ ቤቱ የላከው የመጽሐፉ ናሙና ጠረጴዛው ላይ ተቀምጧል። ሽፋኑ ላይ በትልልቁ የተጻፈው የሷ ስም ነው፤ ከነአባቷ። የሱ ስም በአጉሊ መነጽር ቢፈለግ የለም።

ነገሩ እንዲህ ነው። ባለፈው ሳምንት የማተሚያ ቤቱ ሠራተኛ ደውላ "የጸሐፊው ስም ማን ልበል?" አለችው። እሱ ስለ ታይፕ ግድፈት የምትጠይቀው ሰው የፈለገች መስሎት የሚስቱን ስም ነገራት። ሚስቱ ጡረታ እስክትወጣ ድረስ የቢሮ ጸሐፊ ነበረቻ! በሱ ቤት ጸሐፊ ማለት ጣቱ የሚሠራ፣ ደራሲ ማለት ጭንቅላቱ የሚሠራ ነው። ልጅቷ ይህን ከየት ትወቀው? ረቂቁ ላይ ስሙን ያልጻፈው ደግሞ ራሱ ነው፤ ማን የማያውቀኝ አለ ባይ ነው።

ሰውየው የጥንት ቋንቋዎችና የመጽሐፍ ቅዱስ መምህር ነበር። ይህ ምዕራፍ የዚህ ሰው እጅ ነው፣ ያኛው የሌላ ነው እያለ ሲሟገት መኖሩ አልበቃ ብሎት አንድ የድሮ ቲያትር ላይ ሙጭጭ አለ። ቲያትሩን የጻፈው ስሙ የተለጠፈበት የቡድኑ አለቃ አይደለም፣ ለተዋንያኑ ቃላቸውን ትገለብጥ የነበረች ሴት ናት ይላል። ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ! በምሳ ገልባጯ፣ በእራት ገልባጯ፣ በልጃቸው ሠርግ ላይ እንኳ ከአማቾቹ ጋር ስለ ገልባጯ። መጽሐፉም የሚለው ይህንኑ ነው፤ ማስረጃው ትንንሽ ቃላት ናቸው። ሰው ስሙን ይደብቃል፤ ሳያስበው የሚደጋግማትን ቃል ግን መደበቅ አይችልም ባይ ነው።

"ያስተካክሉታል" አለ ስልኩን ዘግቶ። "አንቺ እንደሆነ መቅድሙ ውስጥ አለሽ።"

መኖሩንስ አለች። "ጽሑፉን በትዕግሥት ለተየቡልኝ ሁሉ" ይላል። ለተየቡልኝ ሁሉ! እዚህ ቤት ከሷ ሌላ ማን አለ? ድመቷ ናት የተየበችው?

ቆሽቷ አረረ። ያ መጽሐፍ እጇ ሲገባ ምን ነበር? ፖስታ ጀርባ ላይ፣ የፈተና ወረቀት ዳር ላይ የተሞነጫጨረ፣ አንዱ ዓረፍተ ነገር ሦስት ገጽ የሚሄድ ጉድ! ቆርጣ፣ ቀጥላ፣ ሰው እንዲያነበው አድርጋ የጻፈችው እሷ ናት። ስታነብለት "አዎ፣ እንዲህ ነው ያልኩት" ይላል፣ ዓይኑን በጨው አጥቦ። እስከ ዛሬ ስሜ ይጻፍልኝ ብላ አታውቅም። ዛሬ ግን ሽፋኑ ላይ አየችው፤ ካየችው ወዲያ እንዲፋቅባት አልፈለገችም። በቃ፣ አልፈለገችም።

"አይነካም" አለችው።

"ምኑ?"

"ስሜ።"

"አንቺ ሴት፣ ነገ ጠዋት ማተም ሊጀምሩ ነው፤ የቀልድ ሰዓት አይደለም!"

"ማን ቀለደ? እንግዲህ በራስህ ትምህርት ልጠይቅህ። 'እንግዲህ' የሚል ቃል ትጽፋለህ?"

ፊቱን አኮማተረ። "እሱ የወሬ ቃል ነው። ጽፌው አላውቅም።"

"በል እርሳስህን አንሣና ቁጠር።"

ቢናደድም ቁጠር ሲሉት እምቢ ማለት አይሆንለትም። ቀይ እርሳሱን ይዞ ተቀመጠ። አንደኛው ምዕራፍ ላይ አሥራ አንድ አገኘ። "አጋጣሚ ነው" አለ። ሁለተኛው ላይ አሥራ ዘጠኝ። አራተኛው ላይ ሲደርስ መነጽሩን አውልቆ ጠራረገ፤ መልሶ አጠለቀና እንደገና ከአንድ ጀመረ። እሷ ጓዳ ገብታ የታጠበውን ሳህን መልሳ ታጥባለች። ይክደኛል ብላ ፈርታለች። ቆጥሮ፣ አይቶ፣ ደግሞ ቢክዳት በምን ዓይኗ ታየዋለች?

ከሰዓት በኋላ ስልኩን አነሣ።

"ስለ ሽፋኑ ነበር" አለ ጉሮሮውን ጠርጎ። "ስሟ ይቆይ።"

"አባባ፣ ጠዋት ስህተት ነው ብለው ሲጮኹብኝ አልነበር እንዴ?" የልጅቷ ድምፅ ጓዳ ድረስ ይሰማል።

"ጠዋት አልቆጠርኩም ነበራ! አሁን ጻፊ። ከታች 'ጥናት' በዪና የኔን ስም ጨምሪ። ከሷ ስም በፊት ደግሞ 'ጸሐፊ' በዪ።"

"ጸሐፊ ሲሉ የቢሮ ነው የመጽሐፍ?"

"የመጽሐፍ! የመጽሐፍ ነው እንጂ!" ብሎ ጮኸባት።

ባለቤቱ ሳህኑን እንደያዘች ቀረች። እንባዋ መጣ፤ ደስ አላት፤ ደግሞም ሃያ ሁለት ዓመት ማስጠበቁ አንገበገባት። ሊቁ ናሙናውን ታቅፎ በሩ ላይ ቆመ።

"ሁለት መቶ ስድስት ናቸው" አለ ዓይኗን ሳያይ። "ግን በዝተዋል። ግማሹን ላወጣው ነው።"

"እንግዲህ" አለችው፣ "ጸሐፊዋን ማስፈቀድ ነው።"