የአስማረ ጫማ

ወንድሜ አስማረ ከአራዳ የገዛው ጫማ ገና በሳምንቱ ሲጢጥ ማለት ጀመረ። ቆዳ ነው ብሎ የሸጠለት ነጋዴ የእጁን ይስጠው። ከገበሩ ሥር የሕፃን ፓውደር ነሰነስን፣ ስፌቱን ሰም ቀባን፤ ወይ ፍንክች! ሊስትሮ ዘንድ ልወስደው ስነሣ አባታችን ከለከለኝ። ስኳር ዓይኑን ካጠፋበት ወዲህ የልጁን መግባት የሚያውቀው በዚያ ድምፅ ነበር።

«ተይው፤ እኔ የማየው በሱ ነው» አለኝ። ተውነው።

አስማረ አዲ አርቃይ ዕቃ ሊያደርስ ሄዶ መንገድ ላይ ተገደለ። ማን እንደ ተኮሰበት የነገረን የለም። እዚያው ቀብረው ልብሱንና ጫማውን በቦርሳ ላኩልን።

ሐኪሙ የአባቴ ልብ ድንጋጤ አይችልም ስላለን መርዶውን ደበቅነው። ለቅሶ የተቀመጥነው አክስቴ አልማዝ ቤት ነው። ከዚያ ፊቴን ታጥቤ እመለሳለሁ፤ ለማን እንደምታጠብ እንጃ፣ የሚያየኝ የለም። አባቴ በየማታው ስለ ልጁ ይጠይቀኛል፤ እኔም መንገድ ተዘግቶበት ነው እለዋለሁ። 

አክስቴ ደግ ናት፤ ደግነቷ ግን ሰው አያማክርም። በአርባው ልብሱን ለነዳያን፣ ጫማውን ለንስሐ አባታችን ለአባ ገብረ ሚካኤል ሰጠች። የሳቸው ተቀዶ ነበር። ለእኔ ማን ይንገረኝ?

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ አባ ጠበል ሊረጩን መጡ። የግቢው ሲሚንቶ ላይ ሲጢጥ፣ ሲጢጥ አለ። ክው ብዬ ቀረሁ። አባቴ ከስንት ጊዜ በኋላ ያለ ደጋፊ ከአልጋው ቀና አለ፤ ፊቱ በራ፤ እጁን ወደ በሩ ዘረጋ።

«ና እንጂ አስማረ፣ ምነው ቆምህ?»

አባ ደጃፉ ላይ ደርቀው ቀሩ።

«እኔ ነኝ፣ አያ ጎሹ» አሉ።

አባቴ የዘረጋውን እጅ ቀስ አድርጎ ብርድ ልብሱ ላይ መለሰው።

«አባ፣ ጫማውን ማን ሰጠዎ?»

አባ መስቀላቸውን እንደ ያዙ ወደ እኔ አዩ። እኔም የለመድሁት ውሸት ጠፋኝ። 

አባቴ ከራስጌው ኩታውን ዳብሶ አነሣና ሰጠኝ።

«ጥሩነሽ፣ አዘቅዝቀሽ አልብሽኝ» አለ።

አለበስሁት። ከዚያ ወዲያ መንገድ ተከፍቶ እንደሆነ ጠይቆኝ አያውቅም።