ዓይኑን የማይከድን ማሽን

"እማማ፣ ይሄ የእርስዎ ነገር አይደለም። ትንሽ ፈቀቅ ይበሉልኝ" አለ የኮምፒውተር ጠጋኙ ይድነቃቸው፣ ፊቱን እንኳን ሳያዞር።

እማማ ቦሼ ፈቀቅ አላሉም። ባላቸው የሞቱ ጊዜ መሬቱን ሊወስዱ የመጡትን የባላቸውን ወንድሞች በምላሳቸው ብቻ እስከ ቢጠና መንገድ የሸኙ ሴት ናቸው። አሁን ግን ሦስት ቀን ሙሉ "ይህቺ ሳጥን ማንም ሳይነካት ትሠራለች" እያሉ ሲናገሩ ልብ ያላቸው አልነበረም። ፊደል የቆጠረ ሰው ብሎት ቢሆን ወንበር ስበው ያስቀምጡት ነበር።

ሳጥኗ ኢንተርኔት የምታመጣዋ ናት፤ ከልጅ ልጃቸው ከሚልክያስ ሱቅ ግድግዳ ላይ ተሰቅላለች። ሱቁ አንድ ክፍል ነው፤ ፎቶኮፒ፣ አንድ ኮምፒውተር፣ ጥግ ላይ ደግሞ ወጣቶች በቴሌቪዥን ኳስ የሚጫወቱበት የጌም ማሽን አለው። እማማ ቦሼ ጠዋት ተጫዋቾቹን በሙሉ አባረዋል። ኮምፒውተሩንም የነካው የለም። የሳጥኗ አረንጓዴ መብራት ግን ያለ ዕረፍት ይርገበገባል፤ ልክ እንደታመመ ሰው የዓይን ቆብ።

"ማንም ሳይኖር የምትርገበገበው ለማን ነው?" አሉ።

"መስመሩ ነው እማማ። ዝናብ ሲሆን እንዲህ ያደርገዋል። ሌላ ገመድ ይዤ እመለሳለሁ።"

"ያ ማሽን ደግሞ ጠፍቷል ትላላችሁ፤ ዓይኑን አልከደነም።" በጌም ማሽኑ ፊት ላይ የቀረችውን ትንሽ ብጫ መብራት በከዘራቸው ነኩ።

"ተኝቶ ነው።"

"እኔም እተኛለሁ። ስተኛ ግን ዓይኔን እከድናለሁ።"

ይድነቃቸው ሳቀና ቦርሳውን አንጠልጥሎ ወጣ።

እማማ ቦሼ አልሳቁም። ሚያዝያ ሁለት ሺህ ሰባት ነው፤ ሬዲዮው በደቡብ አፍሪካ በስደተኞች ላይ ስለተነሳው ሁከት ባወራ ቁጥር በወላይታ ሶዶ ስንቷ እናት ሥራዋን ጥላ ትጠጋዋለች። የመጨረሻ ልጃቸው ታምራት እዚያ ነው። ሱቁ ተቃጥሏል፤ ስልኩን ነጥቀውታል። አሁን ከሌሎች ሐበሾች ጋር በአንድ ጸሎት ቤት አዳራሽ ውስጥ ተደብቆ፣ በአዳራሹ ኢንተርኔት፣ ከሰው በተዋሰው ስልክ በየቀኑ አሥር ሰዓት ላይ ወደዚሁ የሱቅ ኮምፒውተር በቪዲዮ ይደውላል። በሌላ መንገድ ቢሞክሩት አይገኝም። ከትናንት ወዲያ ሲደውል ፊቱ መሀል ላይ ደረቀ፤ አፉ እንደተከፈተ። ትናንት ደግሞ ድምፁ እየተቆራረጠ፣ "ነገ ማታ መኪና ይመጣል… የት እንደሚወስደን አልነገሩንም… እማዬ፣ የጋሽ አንጁሎ ልጅ…" ብሎ ጠፋ።

ይህን ሰምተው እማማ ቦሼ ዛሬ በማለዳ ሻንቶ፣ ጋሽ አንጁሎ ቤት፣ ደርሰው ተመልሰዋል። የአንጁሎ ልጅ ደገፉ እዚያው ደቡብ አፍሪካ፣ ሁከቱ ባልደረሰበት ሌላ ከተማ አለ፤ ታምራት ከደወለለት ራሱ መጥቶ ከአዳራሹ ሊወስደው ይችላል። ታምራት የሚያስፈልገው የደገፉ ስልክ ቁጥር ብቻ ነው። አንጁሎ ቁጥሩን በወረቀት ጽፎ ሰጣቸው። እሳቸው ግን ወረቀት አያምኑም፤ አምስት ጊዜ አስደግመው በልባቸው ያዙት፣ ሚኒባሱ ውስጥም ከንፈራቸው ሲንቀሳቀስ አጠገባቸው የተቀመጠችው ሴት እየጸለዩ መስሏት "አሜን" አለቻቸው። ሚልክያስ ቁጥሩን በጽሑፍ ሊልከው ሞክሮ ነበር፤ አልሄደም።

"ስንት ሰዓት ነው?"

"ዘጠኝ ከሩብ።" ሚልክያስ ጥፍሩን እየነከሰ ነው።

"ና ወደዚህ። ወተት የሚጠፋባት ላም ኖራህ ታውቃለህ?"

"አያቴ፣ አሁን የላም ወሬ…"

"ዝም ብለህ ስማ። ሦስት ጥጆች ነበሩን፤ ሁሉም ጎን ለጎን ይታሰራሉ። ማታ ላሚቱ ጡቷ ሙሉ ነው፤ ጠዋት ሳልባት ባዶ። ባሌ 'እባብ ጠብቷት ነው' አለ፤ አማቴ 'ቡዳ ነው' አለች። እኔ ግን ጥጆቹን አንድ አንድ እያልኩ ወደ ጓሮ አወጣኋቸው፤ በየሌሊቱ አንድ። የሚጠባው ሲወጣ ወተቱ ተመለሰ። ሌባው ገመዱን በጥርሱ ፈትቶ የሚጠባ፣ ጠብቶም ተመልሶ እንደ ቄስ የሚተኛ ጥጃ ነበር።"

ሚልክያስ ሳጥኗን አየ። ከዚያ ሳጥኗን ትቶ አያቱን አየ።

"ኮምፒውተሩን ንቀለው" አሉ።

ነቀለው። መብራቱ ትንሽ ሰከነ፤ አልቆመም።

"መልሰውና ማሽኑን ንቀል።"

"ይድነቃቸው ከሶኬት አትንቀሉት ብሏል። መብራት ሄዶ ሲመጣ ይቃጠላል፣ የኤሌክትሪክ ማረጋጊያው ላይ ይኑር…"

"ይቃጠል።"

ማሽኑ ሲነቀል ብጫዋ ዓይን ጠፋች። የሳጥኗ መብራት አሁንም ይርገበገባል፤ እንደ ቅድሙ ግን አይደለም። ሁለቱም አንድ ላይ ሲነቀሉ መብራቱ ቀጥ ብሎ ቆመ፤ አልፎ አልፎ ብቻ፣ እንደ ጤነኛ ሰው፣ ጠቀሰ።

"ሁለቱም ይጠባሉ" አሉ እማማ ቦሼ። እውነታቸው ስለወጣ ደስ ሊላቸው ይገባ ነበር። ሦስቱ ቀን ግን በከንቱ አልቋል።

ሚልክያስ ሁለቱንም መልሶ ሰክቶ ማሽኑን በቴሌቪዥኑ ከፈተው። ማንም ያላዘዘው አዲስ ጨዋታ ግማሹን አልፎ እየወረደ ነው፤ ከሥሩ ሌሎች ሁለት ተሰልፈዋል። ኮምፒውተሩ ላይም አንድ ደንበኛ ባለፈው ክረምት የጫነው የጌም ፕሮግራም ኮምፒውተሩ በተከፈተ ቁጥር አብሮ ተነስቶ ራሱን ያድስ ነበር። ሚልክያስ የሚወርደውን ሁሉ ሰረዘ፤ ማስተካከያው ውስጥ ገብቶ "ራሱ ያውርድ" የሚለውን ምልክት ከሁለቱም አነሳ፤ ከኮምፒውተሩ ጋር አብሮ የሚነሳውንም ፕሮግራም አቆመው።

"ጨረስኩ። አሁን ሳይጠይቅ አይወስድም።"

"ማሽኑን ንቀለው።"

"አያቴ፣ ተስተካክሏል አልኩሽ እኮ።"

"ጥጃውንም መክሬው ነበር። ንቀል።"

አሥር ሰዓት ሆነ። ኮምፒውተሩ ዝም አለ። አሥር ከአምስት። ፎቶኮፒ ፈላጊ በሩ ላይ ብቅ ሲል እማማ ቦሼ ዞረው አዩት፤ ሰውየው ወረቀቱን እንደያዘ ተመለሰ። አሥር ከሩብ። መኪናው ቀደም ብሎ መጥቶ ይሆን? ትናንት በሰው ስልክ ላይ ያዩት ፎቶ፣ የሚሮጡ ሰዎችና የሚነድ ጎማ፣ ዓይናቸው ፊት ተገተረ። ዓይናቸውን ሳይጨፍኑ ጸለዩ፤ ቢጨፍኑ መብራቷን ማን ይጠብቃታል?

አሥር ከሃያ ላይ ጠራ።

የታምራት ፊት መጣ። ከስቷል፤ ግንባሩ ላይ ፋሻ አለ። ፊቱ ግን ይንቀሳቀሳል።

"ሳሮ፣ እማዬ…"

"ሰላምታውን ተወው። የደገፉ ቁጥር ነው፣ ጻፍ" አሉ በወላይትኛ፤ አንድ በአንድ፣ ድንጋይ እንደሚያቀብል ሰው ቁጥሩን አቀበሉት።

ታምራት መልሶ አነበበላቸው።

"ሰባት ነው ያልኩህ። ከየት አምጥተህ ነው ስምንት ያልከው?"

"ሰባት። እሺ፣ ሰባት።" ከኋላው ሰዎች ይጯጯሃሉ፤ የሞተር ድምፅም አለ። "መኪናው ቀድሞ መጥቷል። ልሳፈር ወይስ እሱን ልጠብቅ?"

"አሁኑኑ ደውልለት። እመጣለሁ ካለህ አትሳፈር። ካላነሳ ግን ከሰው አትለይ። ስማኝ ታምራት፣ ብቻህን እንዳትቀር።"

"እሺ እማዬ።" ራሱ ዘጋው።

እማማ ቦሼ ልዩነቱን አወቁት፤ ዛሬ ታንቆ አልተቆረጠም። ሆኖም ደገፉ ያንሳ አያንሳ የሚያውቀው አንድ እግዚአብሔር ነው። ነገም አሥር ሰዓት ይመጣል።

ይድነቃቸው ገመዱን ተሸክሞ ሲመለስ ሚልክያስ ሁሉንም ነገረው። ጠጋኙ ጆሮውን አከከ።

"ለካ ተኝቶ ያወርድ ነበር። ጎበዝ ነዎት እማማ። በቃ፣ አሁን ምልክቱ ከተነሳ ችግር የለም" ብሎ የማሽኑን ገመድ ሊሰካ ጎንበስ ሲል ጫፉ የለም። እማማ ቦሼ ጭናቸው ሥር አድርገው ተቀምጠውበታል።

"ምልክቱ ተመልሶ ቢመጣስ?"

"አንዳንዴ ማሽኑ ሲታደስ ይመለስ ይሆናል። ያኔ እኔን መጥራት ነው።"

"አንተን ሦስት ቀን ጠርቼሃለሁ።"

ሚልክያስ መሬት መሬት አየ። የጎልማሶች ትምህርት አስተማሪዎች ሦስት ጊዜ ደብተር ይዘው እዚህ ደጅ ድረስ መጥተው ነበር፤ እማማ ቦሼ ሦስቱንም ጊዜ፣ "ለመቃብር ፊደል አይጠየቅም" ብለው መልሰዋቸዋል።

አሁን ቀስ ብለው ገመዱን ከሥራቸው አወጡ፤ ለይድነቃቸው ግን አልሰጡትም። በከዘራቸው ጫፍ ከኮምፒውተሩ ፊት ያለውን ወንበር ወደ እሱ ገፉት።

"ተቀመጥ። 'ራሱ ያውርድ' የሚለውን ጽሑፍ አሳየኝ፤ የፈረንጅ ፊደል ይሁን የሰይጣን፣ ግድ የለኝም። ሌላውን ፊደል ለራስህ ያዘው። ያንን ብቻ ባየሁት ቁጥር እስክለየው ድረስ ከዚህ ወንበር አትነሳም።"