አባይነሽ ራሷን የረሳችበት ጨዋታ

አባይነሽ ሻንቆ ስትጫወት ያላየ ሰው ስለ እግር ኳስ አያውራኝ። ለብሔራዊ ቡድን ስትጫወት ኖራ፣ ሠላሳ አራት ዓመት ሲሞላት ወደ ሶዶ ተመልሳ የሴቶቹን ቡድን ያዘች። አሰልጣኝም እሷ፣ አጥቂም እሷ። እኔ ኤርሳዶ የቡድን መሪና የኳሶቹ ጠባቂ ነበርኩ። ቁጡ ነኝ፣ ሶዶ ሙሉ ያውቀዋል፤ እሷ ፊት ግን ምላሴ ይታሰራል።

በ2003 ዓ.ም. በጀት የሚይዙልን የመንግሥት ሰዎች ቁርጡን ነገሩን። ቦዲቲን አሸንፈን ሐዋሳ ለሚደረገው ውድድር ካለፍን ቡድኑ ይቀጥላል፤ አለበለዚያ ይበተናል። አቻም አይበቃንም። አሥራ ሰባቱ ልጆች ያን ሳምንት ምግብም በቅጡ አልበሉ።

የጨዋታው ቀን አባይነሽ ጉልበቷን በፋሻ ጠቅልላ ገባች። ከእረፍት በኋላ ኳስ ከቀኝ በኩል ተሻገረላት። ጀርባዋን ለጎሉ ሰጥታ በደረቷ አበረደችው። ሁለት ተከላካዮች ሲደርሱባት እሷ እዚያ የለችም፤ ዞራ በግራ እግሯ መታችው። በረኛዋ ቆማ ቀረች። ወይ ጉድ፣ እንዲህም ይመታል እንዴ? የሃምሳ ዓመት ሰው ሆኜ እንባዬ መጣ፤ አላፍርም።

ጎሉ የገባበትን ደቂቃ ልመዘግብ የተሰላፊዎቹን ዝርዝር ቅጂ ከኪሴ አወጣሁ። የአባይነሽ ስም የለም። ዝርዝሩን የምትጽፈው ራሷ ናት፤ ልጆቹን አንድ በአንድ ደልድላ ራሷን መጨረሻ ላይ ታስገባለች። ያን ቀን የአሥራ ስምንተኛው መስመር ባዶ ነው። በሰው ስህተት የምጮኸው እኔ ደግሞ ሳላነብ ፈርሜበታለሁ። ዳኞቹም አላስተዋሉም።

ያልተመዘገበ ተጫዋች ሜዳ አይገባም። ወረቀቱን አኝኬ ልውጠው አማረኝ። ኳሱ አጠገባችን ሲወጣ ግን ጠርቼ አሳየኋት፤ ለምን እንዳሳየኋት እስከ ዛሬ አላውቅም። አነበበች፣ ፈገግ አለች፣ ወደ ዳኛው መሄድ ጀመረች። እጅጌዋን ያዝኩ።

“አባይነሽ፣ ማንም አላየም። ልጆቹ ይበተናሉ።”

“ጋሼ፣ በዚህ ወረቀት ሐዋሳ ብወስዳቸው ከዚያ በኋላ በምን አፌ አሰለጥናቸዋለሁ?”

ለቀቅኳት። ዳኛው ጨዋታውን አቁሞ የቦዲቲውን አሰልጣኝ ቃለሕይወትን ጠራው። ፎርፌ መጠየቅ መብቱ ነበር። ቃለሕይወት አባይነሽን ትንሽ አያትና፣ ጎሉ ይሰረዝ፣ እሷ ትውጣ፣ ልጆቹ ይጫወቱ አለ። በእሷ ቦታ ብሩክታይት ገባች።

ተመልካቹ መጀመሪያ አበደች አላት። እሷ መስመሩ ላይ ቆማ ድምፅዋ እስኪዘጋ ልጆቹን መራች። ብሩክታይት የመታችው አንድ ኳስ ቋሚውን ገጭቶ ተመለሰ። ዜሮ ለዜሮ አለቀ። የሰደቧት ሰዎች ሳይቀሩ ተነስተው አጨበጨቡላት። ከዚያ ወዲያ አልተጫወተችም፣ ጉልበቷ እምቢ አለ። የመጨረሻ ጎሏም የትም አልተጻፈም።

ሰኞ ደብዳቤ ደረሰኝ፤ ቡድኑ ፈርሷል፣ ኳሶቹን አስረክብ ይላል። ማክሰኞ ጠዋት ኳሶቹን በጆንያ ተሸክሜ በሜዳው በኩል ሳልፍ አሥራ ሰባቱም ልጆች ተሰልፈው በባዶ እግር ያሟሙቃሉ። መለያ የለ፣ ጫማ የለ። አባይነሽ እያነከሰች ፊት ፊታቸው ትሮጣለች። ማን እንደጠራቸው አልጠየቅኩም።

አይታኝ ቆመች።

“ልታስረክብ ነው ጋሼ?”

በሕይወቴ የመንግሥት ትእዛዝ ጥሼ አላውቅም። ጆንያውን አወረድኩና አፉን ፈታሁት።