የጀምበሩ መዳፍ

«ከሐዘን ቤት ወጥቶ ሲኒማ! ሰው ምን ይልሻል?» አለች ጎረቤቷ የሻረግ፣ በሩ ላይ ቆማ።

«ይበል። ፊቱን ሳላይ ነው የቀበሩት» አለች አየሁሽ፤ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ለበሰች።

ወንድሟ ጀምበሩ ሸሕዲ ላይ የጣሊያንን መንገድ ሲሠራ ንዳድ ገደለው። እሷ ከመተማ እስክትደርስ አፈር ለብሶ ነበር። ዛሬ ሠልስቱ ነው።

ዳሱ ሥር ለቀስተኞች ያንሾካሹካሉ።

«ሲጨብጥህ እኮ ዓሣ የያዝህ ነው የሚመስልህ።»

«ዝም በል፤ እኅቱ ትሰማለች።»

ሰምታለች። ልጅ ሳሉ፣ ደጋ፣ ውርጭ በወረደበት ጧት እንኳ ከመዳፉ ላብ ይንጠባጠብ ነበር። መስቀል ሊሳለም ሲል እጁን በነጠላዋ ጫፍ የምታደርቅለት እሷ ነበረች። ሲያድግ «ቆላ እንውረድ፤ ሁሉ በሚያልበው አገር ማን ያየኛል?» ብሎ አመጣት።

መተማም አልደበቀውም። ካሜራ የያዘ አንድ ጣሊያን ገበያ ላይ አየውና ፀሐይ ላይ አስቀምጦ ቀረጸው። ጀምበሩ ሲመለስ «የኔ ላብ ለሲኒማ በቃ!» ብሎ ሳቀ። እሷ ግን አልሳቀችም።

ጣሊያኑ ዛሬ ወደ ጎንደር ሊሄድ ነው። ሰሊጥ ነጋዴው ሐሚድ ለምኖላት፣ ፊልሙን ሳይሄድ ሊያሳያት እሺ አለ።

የሐሚድ መጋዘን በሩ ሲዘጋ ጨለመ። ግድግዳው ላይ በተወጠረው አቡጀዲ ብርሃን ወደቀ። ድምፅ የለውም። የሚንቀጠቀጥ ጠብታ መጣ፤ ከዚያ አንገት፤ ከዚያ ዓይን የምታጠፋ ፀሐይ። እንደገና ጠብታ። ምስሉ ራሱ ያላበው ይመስል እየፈዘዘ ቀለጠ። የአየሁሽ ጀርባ ረጠበ።

«ፊቱስ?»

ሐሚድ በጣሊያንኛ ጠየቀላት።

«አልፈልገውም ነበር ይላል። ብርድ አገር የተቀመጠ ሰው አይቶ እንዲያልበው ነው ያሰብሁት ይላል። ወላሂ እኅቴ፣ እኔም አላወቅሁም።»

«አንዴ እንኳ ቀና አላለም?»

ሐሚድ ጠይቆ ወደ እሷ ዞረ።

«ብሎ ነበር። ቆርጬ ጣልሁት ይላል።»

ያኔ መዳፉ መጣ። አቡጀዲውን ሞላው። የታጠፈችውን ትንሽ ጣቱን አወቀቻት። ላቡ ከመዳፉ መሐል ተነሥቶ ወደ አንጓው ወረደ።

አየሁሽ ተነሥታ ቀረበች። የነጠላዋን ጫፍ ሰብስባ ጠረገችው። ላቡ በእጇ ላይ መፍሰሱን ቀጠለ። የነጠላዋን ጫፍ ዳበሰችው፤ ደረቅ ነው። ሌላውን ጫፍ አወጣችና እንደገና ጠረገች።