ባልዲ የለመደች ድብ

ድብ የገደላት ኢሊንካ በተቀበረች ማግስት የደን ጠባቂው ኒስቶር ጠመንጃውን እንዳነገተ ሊቪያ ቤት መጣ። ሊቪያ ለምን እንደመጣ ስለገባት ግባም አላለችው።

ሊቪያ የካርፓት ተራሮች ጫካ እንዳይጨፈጨፍ ዘጋቢ ፊልም ስትሠራ ዕድሜዋን የፈጀች ሴት ናት። ድቦቹን በቴሌቪዥን ያየ ሁሉ የጫካው ጠበቃ ሆኗል፤ መጋዝ ይዘው የመጡም በእሷ ፊልም አፍረው ተመልሰዋል። ድብ ግን ካሜራ ተደቅኗል ብሎ አይመጣም። ስለዚህ እሷም እንደ ሙያ አጋሮቿ ለቀረጻ ከምትወጣበት ማማ ሥር በቆሎ ትበትን ነበር። መጀመሪያ ባልዲውን በእንጨት ኳ ኳ ስታደርገው አንዲት ድብ ሁለት ደቦሎቿን አስከትላ ከች ትላለች። ምስኪኗ ኢሊንካ ደግሞ እንጆሪ ልትለቅም የወጣችው የቆርቆሮ ባልዲ ይዛ ነው፤ ድቧ ድምፁን ሰምታ መጣችባት።

የመንደሩ ወንዶች እሁድ ጫካውን ከበው ያገኙትን ድብ ሁሉ ሊፈጁ መማማላቸውን ኒስቶር ነገራት። ገዳይዋን ድብ ገድሎ ይዞላቸው ከወረደ ግን ይተዋሉ። ሊቪያ ድቧ ወደ እንስሳት መጠለያ ትወሰድ ብላ ለመነችው። ኒስቶር ጠይቆ ነበር፤ ሞልቷል፣ እስከ ክረምት ጠብቁ ብለውታል።

«ዱካዋን አውቀዋለሁ» አላት። «እሷን ግን የት አገኛታለሁ? የምትመጣው ላንቺ ነው።»

«ጋሼ ኒስቶር፣ በእጄ አብልቼ በእጄ ላስገድላት?»

«ስም አውጥተሽላቸዋል አሉ። ክርስትናም አንስተሻቸው ይሆናል። ኢሊንካም እኮ ክርስቲያን ነበረች።»

ሊቪያ ካሜራዋን ቤት ትታ ባልዲውን አንጠልጥላ ተከተለችው።

ኒስቶር ማማው ላይ ወጣ። እሷ ከሥር ቆማ ባልዲውን መታች። ጫካው ዝም አለ። ልቧ አትምጪ፣ አትምጪ እያለ እጇ ደግሞ መታ። ድቧ ቅርንጫፍ እየሰበረች መጣች፣ እንደ ልማዷ አጎንብሳ በቆሎውን ትቆረጥም ጀመር። ሊቪያ ወደ ማማው ቀና ብላ ይቺው ናት በማለት ራሷን ነቀነቀች።

ተኩሱ ሲጮህ ደቦሎቹ በረገጉ፤ ግን አልራቁም። ተመልሰው እናታቸውን አሸተቱ፣ ላሱ፣ ከዚያ በቆሎውን ይበሉ ጀመር። አጠገባቸው የቆመችውን ሴት ከቁም ነገርም አልቆጠሯት።

«እነዚህስ?» አለ ኒስቶር፣ ጠመንጃውን እያጎረሰ። «ነገ የማንን ባልዲ ሊከተሉ ነው?»

«ትንሽ ቆይልኝ፣ ሰው መፍራት ላስተምራቸው» አለችው።

ድንጋይ አነሳችና ትልቁን ደቦል ጎኑን አለችው። ቀና ብሎ አይቷት መብላቱን ቀጠለ። አፍንጫውን ደገመችው። ያን ጊዜ አጓራ፤ እሷም እንደ እብድ እየጮኸች፣ ድንጋይ እያወረደችበት ቁልቁል አሳደደችው፤ ሸሽቶ ጥሻ ውስጥ ገባ። ወደ ትንሹ ዞረች። ጆሮው እስኪደማ ወገረችው። እሱ ግን በሸሸ ቁጥር ትንሽ ሄዶ ይመለሳል፤ እናቱ ከሞተች የቀረችለት ሊቪያ ብቻ ናት። በመጨረሻ እያነከሰ መጥቶ እግሯ ሥር ተቀመጠ።

«ሊቪያ» አለ ኒስቶር ከላይ። «ዘወር በይ።»

የያዘችውን ድንጋይ ጣለች፣ ዘወርም አለች።