ሞት የተጠራበት መሐላ

ገብረየስ ሲጋራ አቆምኩ ብሎ ያልማለበት ዓመት የለም። መሐላው ሁልጊዜ አንድ ነው፤ «አባቴ ይሙት»። አባቱ ካረፉ ቆይተዋል፤ ስለዚህ መሐላው ቢፈርስም የሚጎዳ ሰው አልነበረም። ሱሉልታ ካለው የቀለምና የሚስማር ሱቁ ጀርባ ቆሞ ያጨሳል፤ ከዚያ ማስቲካ ያኝካል፤ ቤት ሲገባ ደግሞ ሚስቱን ጉንጯን ትቶ ግንባሯን ይስማታል። ብልጠት መስሎት ነው።

ሰሞኑን ሳሉ ጠናበት። የሚያውቀው ሰው እንዳያየው ቡራዩ ድረስ ሄዶ ደረቱን ራጅ ተነሣ። ሐኪሙ ብዙ አላወራም፤ «ሳንባህ ተጎድቷል፤ ካላቆምክ መድኃኒቱ አይረዳህም» አለው። ገብረየስ ከክሊኒኩ እንደወጣ አጨሰ። ፈርቶ ስለነበር ግን ቤቱ ሲደርስ ለሚስቱ ለጥሩዬ ሁሉንም ነገራት።

ጥሩዬ አላለቀሰችም። ፊት ለፊቱ ተቀመጠች።

«እንደማታጨስ ማልልኝ።»

«አባቴ ይሙት...»

«አባትህን ተዋቸው፤ እሳቸው ሞተዋል። ዕድላዊት ትሙት በል።»

ዕድላዊት አንድ ልጃቸው ናት። ከሩጫ ልምምድ ተመልሳ እዚያው ሶፋው ላይ የጫማዋን ክር ትፈታለች።

ገብረየስ ልጁን አያት። ማቆም ይፈልጋል፤ ከልቡ ይፈልጋል። ነገር ግን ራሱን ያውቃል፤ ሰኞ ሱቅ ሲከፍት እጁ ወደ ኪሱ እንደሚሄድ ያውቃል።

«የእሷን ስም አልጠራም» አለ።

«አየህ፤ ልታጨስ ነዋ» አለች ጥሩዬ።

«ለማቆም እሞክራለሁ እኮ።»

«ሙከራህ ሰልችቶኛል።»

ዕድላዊት ቀና አለች። «እማዬ፣ ባለፈው አባዬ ሱቅ ውስጥ ያጨሳል ወይ ብለሽ ጠይቀሽኝ አልነበር?»

«አያጨስም ብለሽ ምለሽልኛል።»

«ሲያጨስ አይቼው ነበር። እንዳትጣሉ ብዬ ነው።» ልጅቷ ክሩን ለቀቀችው። «አባዬ ይሙት ነው ያልኩሽ።»

ዕድላዊት ወደ አባቷ ዞረች። «የታመምከው በእኔ መሐላ ነው?»

«አይደለም ልጄ፤ በሲጋራው ነው» አለ። ይህን በራሱ አፍ ሲናገር የመጀመሪያው ነበር። ልጅቷ ግን ያመነችው አትመስልም።

«ካቆምክ መሐላዬ እውነት ይሆናል፣ አይደል?»

ገብረየስ «አዎ» አላት። ሰኞን እንዴት እንደሚያልፈው አላወቀም፤ ፈራ።